ፓይተን ኢሮር 8 እያለ ፋይሉን አልከፍትም አለኝ፣ ድረሱልኝ

ቦርከና ማዶ፦ ሰላም ጀመዓ። ከኮምቦልቻ ነኝ። ፋብሪካ ውስጥ የማሽን ዳታ የሚያነብ የፓይተን ፕሮግራም አለኝ፣ እስከ ትናንት ይሰራ ነበር። ዛሬ ጠዋት ፋይሉን በኤምማፕ (ፋይልን እንደ ሜሞሪ አድርጎ በሚያነበው ዘዴ) ሊከፍት ሲል «ኢሮር 8፣ በቂ ቦታ የለም» ብሎ ይዘጋል። ዲስኩ ላይ ቦታ ሞልቷል። ራሙንም ከሌላ ኮምፒውተር ነቅዬ ጨመርኩለት፣ ያው ነው። አለቃዬ ከሰዓት ሪፖርት ይፈልጋል። ምን ላድርግ?

የሙጋድ ልጅ፦ ሪስታርት አድርገው።

ቦርከና ማዶ፦ ኧረ አድርጌዋለሁ!

ጦሳ ጫፍ፦ የፋይሉ መጠን ስንት ነው? ዊንዶውሱ ስንት ቢት? ፓይተኑስ? ይህን ሳትጽፍ በምን እንድረስልህ?

ቦርከና ማዶ፦ ፋይሉ 1.7 ጊጋ ነው፣ በየቀኑ ይጨምራል። ዊንዶውስ 10፣ 64 ቢት። ፓይተኑም ያው 64 ነዋ።

ባለፍሎፒ፦ ልጆች፣ መሠረቱን ሳታውቁ ራም ትነቅላላችሁ። ኤምማፕ ሙሉውን ፋይል ራም ላይ አይገለብጥም። ለፋይሉ አድራሻ ይይዝለታል፤ ፕሮግራሙ የነካው ቦታ ብቻ በ4 ኪሎባይት በ4 ኪሎባይት ገጽ እየሆነ ከዲስክ ይመጣል። ዲኤልኤል (ፕሮግራሞች የሚጋሩት የኮድ ፋይል) ራሱ የሚጫነው በዚሁ ዘዴ ነው፤ አሥር ፕሮግራም አንዱን ዲኤልኤል ቢጠቀም ኮዱ በአብዛኛው ራም ላይ አንድ ቅጂ ይበቃዋል። 32 ቢት ፕሮግራም ደግሞ ዊንዶውስ ላይ በተለምዶ የሚሰጠው አድራሻ 2 ጊጋ ነው። ከዚያ ላይ ፓይተኑና ዲኤልኤሎቹ እዚህም እዚያም ተበትነው ይቀመጣሉ። የአንተ 1.7 ጊጋ ግን ሳይቆራረጥ ባንድ ላይ የተዘረጋ ቦታ ይፈልጋል። ለዚህ ራም መጨመር ጀበና ማሳደግ ነው፣ ሲኒው ያው ነው።

የሙጋድ ልጅ፦ ጋሼ ጀበና ካነሱ አቦሉ ደርሷል ማለት ነው፣ መጣሁ ሃሃሃ

ሃረጎ ቁልቁለት፦ 64 ነው ያልከው ዊንዶውሱን አይተህ ይመስለኛል። ፓይተኑን ክፈትና የመጀመሪያውን መስመር አንብብ። መጨረሻ ላይ ያለውን «ዊን32» ተወው፣ 64 ቢቱም እሱኑ ይጽፋል። ቅንፍ ውስጥ ያለውን እይ።

ቦርከና ማዶ፦ 32 ቢት ይላል! 64ቱን አውርጄ ጫንኩ። አሁን ደግሞ ከማሽኑ ጋር የመጣው ዳታ የሚፈታው ዲኤልኤል «ኢሮር 193» ብሎ አልነሳ አለ።

ሐይቅ ዳር፦ ዲኤልኤሉን ከኢንተርኔት አውርደህ ሲስተም32 ውስጥ ጣለው። ለኔ ሰርቷል።

ጦሳ ጫፍ፦ እንዳታደርገው! 193 እዚህ ጋ ቢቱ አልገጠመም ማለት ነው። 32 ቢት ዲኤልኤል የትም ብታስቀምጠው 64 ቢት ፕሮግራም ውስጥ አይገባም። ደግሞ 64 ቢት ዊንዶውስ ላይ ሲስተም32 የ64ቱ ቤት ነው፣ የ32ቱ ሲስዋው64 ነው። ለምን እንዲህ ብለው እንደሰየሙት ማይክሮሶፍትን ጠይቁ። ካልታወቀ ቦታ የወረደ ዲኤልኤል ደግሞ ምን ይዞ እንደሚመጣ አታውቅም።

ሐይቅ ዳር፦ ለኔ ግን ሰርቷል እኮ።

ባለፍሎፒ፦ አምራቹን የ64 ቢቱን ጠይቅ፣ አብዛኛውን ጊዜ ይኖራቸዋል።

ቦርከና ማዶ፦ ጋሼ፣ የሸጡልን ሰዎች ስልክ አያነሱም።

ገራዶ፦ ለመሆኑ ኤምማፕ ምን ያደርግልሃል? ከላይ እስከ ታች አንዴ የምታነበው ከሆነ በተራ ንባብ ቆርሰህ ቆርሰህ አንብበው፣ ብዙ አትጎዳም።

ቦርከና ማዶ፦ ሰዓት እየመረጥኩ፣ እየዘለልኩ ነው የማነበው። ወደፊትም ወደኋላም።

ሃረጎ ቁልቁለት፦ አብሽር። ወደ 32ቱ ፓይተን ተመለስ፣ ፋይሉን በቁራጭ ክፈተው። ርዝመቱን 0 አትበል፣ 0 ማለት ሙሉው ነው። 256 ሜጋ ስጠው። ኦፍሴቱ (ቁራጩ የሚጀምርበት ቦታ) የ65,536 ባይት ብዜት መሆን አለበት፣ ዊንዶውስ ሌላ አይቀበልም፤ የምትፈልገው ቦታ መሃል ላይ ከወደቀ ወደ ታች አጠጋግተህ ልዩነቱን ቁራጩ ውስጥ ቁጠር። ጫፍ ላይ ሬኮርድ (አንዱ የዳታ መዝገብ) እንዳይቆረጥብህ ርዝመቱን በአንድ ሬኮርድ ልክ ጨምርለት፣ የመጨረሻው ቁራጭ ግን ከፋይሉ መጨረሻ እንዳያልፍ። ቁራጩን ለዲኤልኤሉ በሲታይፕስ (ፓይተን ዲኤልኤል በሚጠራበት መሣሪያ) «ፍሮም በፈር» ስታቀብል ለንባብ ብቻ የተከፈተውን እምቢ ይልሃል። ስትከፍተው አከፋፈቱን «አክሰስ ኮፒ» አድርገው፣ ዋናውን ፋይል አይነካም። አንዱን ሳትዘጋ ሌላውን አትክፈት፣ ከተጠራቀመ ኢሮር 8 ተመልሶ ይመጣል። አልዘጋም ካለ ደግሞ ለዲኤልኤሉ የሰጠኸው በፈር ገና ተይዟል፣ መጀመሪያ እሱን አጥፋ።

ጦሳ ጫፍ፦ ፋይሉ ግን የት ነው ያለው?

ቦርከና ማዶ፦ ፍላሽ ላይ። ከማሽኑ በሱ ነው የማመጣው።

ጦሳ ጫፍ፦ በል ሲ ድራይቭ ላይ ገልብጠህ ስራ። ማፕ ተደርጎ ሳለ ፍላሹ ከተነቀለ ወይ ከላላ ፕሮግራሙ እዚያው ድርቅ ብሎ ይሞታል፣ ኢሮሩን በወጉ መያዝ እንኳ ያስቸግርሃል። በየቀኑ ይጨምራል ብለሃል፤ የፍላሹ ፎርማት ፋት32 ከሆነ አንድ ፋይል 4 ጊጋ ላይ ሲደርስ ይቆምብሃል። ማሽኑ የሚቀበል ከሆነ ኤክስፋት አድርገው።

ቦርከና ማዶ፦ እሺ እየሞከርኩ ነው። መብራት እንዳይሄድ ዱዓ አድርጉልኝ።

የሙጋድ ልጅ፦ ደሴ አሁን ሄዷል፣ ሃረጎን እየወረደ ነው፣ ቶሎ በል።

ገራዶ፦ ሰራ?

ሐይቅ ዳር፦ @ቦርከና ማዶ ምን ሆነ?

ሰኞ ገበያ፦ እኔም ኢሮር 8 ነው የሚለኝ፣ የኔ ግን ፓይተን ሳይሆን ጌም ነው።

ሃረጎ ቁልቁለት፦ አንተ ለብቻ ጠይቅ። የጌሙን ስም፣ የዊንዶውሱን ቢትና የራሙን መጠን ጻፍ።