ሁለት ኖቬሊዎች አምታተውኛል፣ እርዱኝ

ሰላም ወገኖች። ስለ ድምፅ አልባው የጣሊያን ፊልም የምታውቁ ካላችሁ ድረሱልኝ። ስለ ተዋናዩ አምሌቶ ኖቬሊ አጭር ታሪክ እየጻፍኩ ነው። በ1885 እ.ኤ.አ. ቦሎኛ ተወለደ። በ1913 ኤንሪኮ ጓዞኒ ለሮሙ ቺኔስ ኩባንያ ባዘጋጀው «ኩዎ ቫዲስ» ላይ ቪኒኪዩስን ሆኖ ተወነ። በዚያው ዓመት ማርክ አንቶኒን፣ በ1914 ደግሞ ጁሊየስ ቄሳርን ሆነ። በ1924 ቱሪን ውስጥ ሲሞት ገና 38 ዓመቱ ነበር። እስከዚህ ሰላም ነው።

ጣጣው ሌላኛው ኖቬሊ ነው። ኤርሜቴ ኖቬሊ ስመ ጥር የመድረክ ሰው ነበር፤ በ1910 ፊልም ላይ ንጉሥ ሊርን ተጫውቷል። እኔ ያገኘኋቸው የድሮ ማስታወቂያዎች ግን «ኖቬሊ» ብለው ዝም ይላሉ። የመጀመሪያ ስም የለም! በፊት እንዳልለይ ምስሉ ደብዝዟል፤ ጺሙም የራሱ ይሁን የተለጠፈ እንጃ። ኤርሜቴ በ34 ዓመት ይበልጠዋል፤ ግን ያ ሁሉ ሜካፕ ተለቅልቆ ዕድሜ የት ይታያል?

ከ1913 በፊት የተሠሩትን በምን ልለያቸው? ቺኔስ ከሆነ አምሌቶ፣ ፊልም ዳርቴ ኢታሊያና የተባለው ኩባንያ ከሆነ ኤርሜቴ ብዬ ብከፍላቸው ያስኬዳል ወይስ ገደል ይከተኛል? የጣሊያንኛ የፊልም መዝገብ ማንበብ የምትችሉ፣ እባካችሁ አንድ በሉኝ።