ሁለት ፍርድ ቤቶች፣ ሁለት መልስ፦ የተልሳ ከተማና የክሪክ ብሔር የዳኝነት ክርክር

የማስተርስ ጽሑፌ ሦስተኛ ምዕራፍ ላይ ተቸክዬ ቀርቻለሁ። ርዕሴ በአሜሪካዋ ኦክላሆማ ግዛት ውስጥ በነባር አሜሪካውያን መንግሥታትና በከተሞች መካከል ያለው የዳኝነት ሥልጣን ክርክር ነው።

የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በ2020 እ.ኤ.አ. በመክገርት መዝገብ፣ ከነባሮቹ አንዱ ለሆነው ለመስኮጊ ክሪክ ብሔር የተከለለው መሬት በኮንግረስ ፈርሶ አያውቅም ብሏል፤ ስለዚህ እዚያ ነባሮችን በወንጀል መክሰስ በመሠረቱ የግዛቲቱ ሳይሆን የፌዴራሉና የነባሮቹ መንግሥታት ሥልጣን ነው። አብዛኛው የተልሳ ከተማ እዚያው ወሰን ውስጥ ነው። ከተማው ግን በነባሮቹ ምድር ላሉ ከተሞች በነዋሪዎቻቸው ሁሉ ላይ ሥልጣን የሰጠውን የ1898ቱን የከርቲስ ሕግ ጠቅሶ ነባሮቹንም እቀጣለሁ ይል ነበር። በአንድ የ150 ዶላር የፍጥነት ቅጣት ሰበብ ጉዳዩ 10ኛው የፌዴራል ይግባኝ ፍርድ ቤት ደረሰና በ2023 ያ ሕግ ዛሬ ለከተማው ሥልጣን አይሰጥም ተባለ። በ2024 ደግሞ የኦክላሆማ የወንጀል ይግባኝ ፍርድ ቤት፣ ጠጥቶ በማሽከርከር የተከሰሰን የኦሴጅ (የሌላ ነባር ብሔር) ተወላጅ ከተማው መዳኘት ይችላል አለ።

መጀመሪያ ከአዊ ብሔረሰብ ምክር ቤት ጋር ላነጻጽር ሞክሬ ነበር፤ አልሆነም። የአዊ ሥልጣን የሚመነጨው ከአማራ ክልል ሕገ መንግሥት ሲሆን የክሪኮቹ ግን ከኦክላሆማ ቀድሞ የነበረ ነው። ከዚያ ዳኝነቱ የማን እንደሆነ የሚለይ፣ ተከሳሽ፣ ተጎጂና ቦታ የሚል ሠንጠረዥ ሠራሁ። አማካሪዬ ኅዳጉ ላይ በቀይ እስክሪብቶ «ታዲያ ነገ ጠዋት መንገድ ላይ የቆመው ፖሊስ ወዴት ይክሰስ?» ብለው መለሱልኝ። ልክ ናቸው፣ ሠንጠረዤ ለዚህ መልስ የለውም።

የ2024ቱ ውሳኔ ተከሳሹ የሌላ ብሔር አባል በመሆኑ ብቻ ተወስኖ ይነበባል ወይስ የክሪክ አባላትንም ይጨምራል?