የኢሮኳ ሸንጎ አንድን ጉዳይ ከመነሻው እስከ ውሳኔው እንዴት ያደርሰው ነበር?

ዋርካ ሥር

ሰላም ለሁላችሁ። በሰሜን አሜሪካ ስለሚገኙት ነባር ሕዝቦች፣ ስለ ኢሮኳ፣ በአማርኛ የሚገኘው ጽሑፍ አብዛኛው «አምስት ሕዝቦች ኅብረት መሠረቱ፣ ሴቶች አለቃ ሾሙ ሻሩ፣ የአሜሪካ ሕገ መንግሥትም ከእነሱ ተቀዳ» ይልና ያልፋል። እኔ የምፈልገው አሠራሩን ነው። ሃምሳ አለቆች እሳት ከበው ተቀምጠው እንዴት አንድ ቃል ላይ ይደርሳሉ? ድምፅ ይቆጠራል? ከአምስቱ ሕዝቦች የኦኖንዳጋ መቀመጫ 14፣ የሴኔካ 8 ሆኖ ሳለ እንዴት አላጣላቸውም? አለቃ ሲያጠፋ ማን ያወርደዋል? ስምምነት ጭራሽ ቢጠፋስ? ጽሑፉ ለሥነ ዜጋ መምህራን የሚሰጥ ስለሆነ እርግጠኛ የሆናችሁበትን ብቻ ንገሩኝ። ዓመታቱን እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ብትጽፉ ይቀለኛል።

ነጋድራስ

ወንድሜ፣ መጀመሪያ ስሙን አስተካክል። «ኢሮኳ» ፈረንሳዮች ከሌሎች ሰምተው ያጸኑት ስም ነው። እነሱ ራሳቸውን ሆዴኖሾኒ ይላሉ፤ የረጅሙ ቤት ሰዎች ማለት ነው። «ሞሃውክ» የሚለውም የውጭ ሰው ያወጣው ስም ነው። በዚያ ቋንቋ ከንፈር ገጥሞ የሚወጣ ድምፅ የለም፤ ም፣ ብ፣ ፕ የሚባል ነገር አታገኝም። የስሙ የመጀመሪያ ፊደል እንኳ በራሳቸው አፍ አይወጣም ማለት ነው። ራሳቸውን የሚጠሩት ካንየንኬሃካ፣ የባልጩት አገር ሰዎች ብለው ነው። መምህራን ይህን አንድ ነገር ቢያውቁ ብዙ ይጠቅማቸዋል።

አገራቸው ዛሬ ኒው ዮርክ የሚባለው ግዛት ነው። ከምሥራቅ ወደ ምዕራብ እንደ አንድ ረጅም ቤት አስበው፦ ሞሃውክ የምሥራቁን በር ይጠብቃል፣ ቀጥሎ ኦናይዳ፣ መሐል ላይ እሳት ጠባቂው ኦኖንዳጋ፣ ከዚያ ካዩጋ፣ የምዕራቡ በር ላይ ሴኔካ። ቱስካሮራ ከካሮላይና ተሰዶ መጥቶ በ1722 ስድስተኛ ሆኖ ገባ፤ ግን አዲስ መቀመጫ አልተጨመረለትም፣ ቃሉ በሌሎቹ በኩል ነው የሚሰማው።

መቀመጫዎቹ ሞሃውክ 9፣ ኦናይዳ 9፣ ኦኖንዳጋ 14፣ ካዩጋ 10፣ ሴኔካ 8 ናቸው፤ ድምሩ 50። ሰው ሁሉ የሚሳሳተው እዚህ ላይ ነው፣ መቀመጫን እንደ ድምፅ ይቆጥረዋል። ድምፅ አይቆጠርም። እያንዳንዱ ሕዝብ በውስጡ ከተስማማ በኋላ በአንድ አፍ ነው የሚናገረው። የኦኖንዳጋ 14 እና የሴኔካ 8 እኩል አንድ ቃል ናቸው፤ የሚያጣላ ነገር የለም።

የጉዳዩ አካሄድ እንዲህ ነው። ሸንጎው በምስጋና ይከፈታል፦ ለሰዎች፣ ለምድር፣ ለውሃ፣ ለዓሣ፣ ለተክል እያለ እስከ ከዋክብትና እስከ ፈጣሪ ይወጣል፤ በየአንዳንዱ መጨረሻ «አሁን ልባችን አንድ ነው» ይባላል። ከዚያ ጉዳዩ በመጀመሪያ ለሞሃውክ ይሰጣል። ዘጠኙ አለቆች በጎሳቸው በሦስት በሦስት የተከፈሉ ናቸው፦ ኤሊ፣ ተኩላ፣ ድብ። ከሦስቱ ወገኖች የአንዱ ሦስት አለቆች ያዳምጣሉ እንጂ ክርክሩ ውስጥ አይገቡም፤ ሌሎቹ ስድስቱ ሲሳሳቱ ወይም ሕግ ሲስቱ ግን ያርማሉ። ሞሃውክ ሲስማማ ለሴኔካ ያሳልፋል። እነዚህ ሁለቱ «ታላቅ ወንድሞች» ይባላሉ። እነሱ አንድ ሲሆኑ ቃሉ እሳቱን ተሻግሮ ወደ «ታናሽ ወንድሞች»፣ ወደ ኦናይዳና ካዩጋ ይሄዳል። በመጨረሻ ኦኖንዳጋ ዘንድ ይደርሳል። ሁለቱ ወገኖች ከተስማሙ ኦኖንዳጋ ያጸናል፤ ስህተት ካየ ምክንያቱን ነግሮ ይመልሰዋል። ተመልሶ ሄዶ ሁለቱም ወገኖች በዚያው ቃል ከጸኑ ግን ማጽደቅ ግዴታው ነው። እሳት ጠባቂው ማዘግየት ይችላል፣ ማፈን አይችልም።

ጊዜውንም አትርሳ። ለተናገረ ሰው በዚያው ቀን መልስ አይሰጥም። በማግስቱ መላሹ ተነሥቶ የሌላውን ንግግር ነጥብ በነጥብ ይደግማል፤ ከዚያ ነው የራሱን የሚለው። ለየነጥቡ አንድ የዋምፐም (ከዛጎል የተሠራ ዶቃ) ፈትል እጁ ላይ ይይዛል። በ1700ዎቹ ከእነሱ ጋር የተዋዋሉ እንግሊዞች «ይህ ሁሉ ቀን ምንድን ነው» እያሉ ይማረሩ ነበር፤ የነገሩ ጥንካሬ ግን እዚያው ቀኑ ላይ ነው፣ ማንም «አልሰማሁም» ማለት አይችልም።

ሳባ ዘሸገር

ነጋድራስ የሸንጎውን ነገር አሟልቶታል። የመሾምና የመሻሩን እኔ ልጨምር፣ ምክንያቱም «ሴቶች ይመርጡ ነበር» የሚለው አባባል ነገሩን ያሳንሰዋል።

የአለቃነቱ ስም የሰውየው ንብረት አይደለም። የእናት ዘር ነው የሚይዘው፤ ልጅ የእናቱን ጎሳ ይወርሳል፣ በጎሳው ውስጥም ጋብቻ የለም። አለቃ ሲሞት የጎሳ እናቷ ከጎሳው ሴቶች ጋር ትመክርና አንድ ሰው ትሰይማለች። ስያሜው በጎሳው፣ ቀጥሎ በሕዝቡ ሸንጎ፣ በመጨረሻ በኅብረቱ ሸንጎ ያልፋል። ከዚያ በሐዘን ሥርዓት ይነሣል። ሐዘን ያልደረሰበት ወገን ሐዘንተኛውን መጥቶ ዐይኑን ከእንባ ይጠርጋል፣ ጆሮውን ይከፍታል፣ ጉሮሮውን ያጠራል። ይህ በቃልና በዋምፐም ፈትል የሚደረግ ነው፤ ያዘነ ሰው አያይም፣ አይሰማም፣ አይናገርም፣ ስለዚህ ሸንጎ አይቀመጥም ከሚል ሐሳብ የመጣ። አዲሱ ሰው የሟቹን ስም ይለብሳል፣ የአጋዘን ቀንድ ምልክትም ይደረግለታል።

አለቃው ሲያጠፋ የጎሳ እናቷ ታስጠነቅቀዋለች። ካልሰማ ሁለተኛ። ሦስተኛው ማስጠንቀቂያ ላይ የጦር አለቃው አብሮ ይመጣል። ካልተመለሰ «ቀንዱ ይወርዳል»፤ ስሙም ወደ ሴቶቹ ይመለሳል። ነፍስ ካጠፋ ሦስቱ ማስጠንቀቂያ አይጠበቅለትም።

ይህ ሥልጣን የቆመው ጎተራ ላይ ነው። እርሻውም እህሉም የሴቶች ነበር። ወንድ ሲያገባ ወደ ሚስቱ ረጅም ቤት ይገባል፦ ወርዱ 6 ሜትር ገደማ፣ በዝግባ ወይም በሌላ እንጨት ማገር ላይ የኤልም ዛፍ ልጥ የተደረበበት፣ መሐል መሐሉን እሳት የሚነድበት፤ በአንድ እሳት ግራና ቀኝ ሁለት ቤተሰብ ይኖራል። ጦር ሊዘምት የሚሻ ወንድ ለስንቅ የሚሆነው የተቆላ የበቆሎ ዱቄት ካልተሰጠው የት ይደርሳል? ሴቶቹ ስንቅ ከነሱ ዘመቻው ይቀራል። ለሥነ ዜጋ መምህር ትልቁ ትምህርት ይህ ይመስለኛል፤ ሕጉን ያስከበረው እህሉ ነው።

አዝመራ

እህሉን ካነሣችሁት አይቀር ትንሽ ልግባበት፤ ብዙ ጽሑፍ «ሦስቱ እህትማማቾች» ይልና እንዴት እንደሚዘሩ አይናገርም። በቆሎ፣ አደንጓሬና ዱባ ናቸው።

ጉብታ ይሠራል፣ ከመሐል እስከ መሐል ከ1 እስከ 1.5 ሜትር ተራርቆ። በእያንዳንዱ 4 ወይም 5 ፍሬ በቆሎ። በቆሎው ከ10 እስከ 15 ሳንቲ ሜትር ሲደርስ ዙሪያውን ይኮተኮትና 3 ወይም 4 የሚጠመጠም አደንጓሬ ይዘራል። ከሳምንት በኋላ በየጥቂት ጉብታው ዱባ። የሚበላሸው ሁልጊዜ ከጊዜው ነው፦ አደንጓሬው ከበቆሎው እኩል ከተዘራ ይቀድመውና ጎትቶ ይጥለዋል። ዱባው ከቀደመ ደግሞ ሁለቱንም ይሸፍናል። ቁጥቋጦ የሚሆነው ቦሎቄ አይሆንም፤ እየተጠመጠመ መውጣት አለበት። ጣፋጩ የእሸት በቆሎም አገዳው ቀጭን ስለሆነ አይሸከምም። አደንጓሬው ለበቆሎው ናይትሮጂን «ይመግበዋል» የሚባለውም በልክ ይሁን፤ አብዛኛው ሥሩና ቅሪቱ ውስጥ ቀርቶ የሚጠቅመው የሚቀጥለውን ዓመት ነው። በሐረርጌ ማሽላና በቆሎን ከቦሎቄ ጋር አሰባጥሮ የሚዘራ ገበሬ ይህን ያውቀዋል። በነገራችን ላይ እኛም በቆሎን «የባሕር ማሽላ» ያልነው ከዚያው ከአሜሪካ ምድር ባሕር ተሻግሮ ስለመጣ ነው።

ሁለተኛው ነገር አመድ ነው። ደረቁን ነጭ በቆሎ የሚቀቅሉት በጠንካራ እንጨት አመድ ነው። ለ4 ኩባያ በቆሎ 1 ኩባያ የተነፋ አመድ፣ ውሃው በቆሎውን በደንብ ይሸፍነው። ሲፈላ ነጩ ፍሬ ቢጫ ወደ ብርቱካንማ ይለወጣል። ከሩብ ሰዓት በኋላ አንድ ፍሬ አውጥቶ በጣት መፈተግ፤ ቆዳው ከተላቀቀ በቃ። ከእንጨት ልጥ በተሠራ ሰፊ ቅርጫት ገብቶ በብዙ ውሃ እየታሸ፣ ውሃው እስኪጠራ ይታጠባል፣ ነጭነቱም ይመለሳል። ከዚያ በንጹሕ ውሃ 2 ወይም 3 ሰዓት ከአደንጓሬና ከሥጋ ጋር ይበስላል። በአሉሚኒየም ድስት እንዳይሞከር፣ አመዱ ብረቱን ይበላዋል። ቀለም የተቀባ ጣውላ አመድም መርዝ ነው። ይህ ሥራ ለጣዕም ብቻ አይደለም፤ በበቆሎ ውስጥ የታሰረውን ናያሲን የሚባል ቪታሚን የሚፈታው አመዱ ነው። አውሮፓ በቆሎውን ወስዳ አመዱን ስለተወች በቆሎ ብቻ የሚበላው ድሀ ገበሬ ናያሲን በማጣት በሚመጣው በሽታ፣ በፔላግራ፣ አለቀ።

ዋርካ ሥር

እግዚአብሔር ይስጥልኝ፣ ከጠየቅሁት በላይ ነው። ሁለት ነገር ቀረኝ፦ ስምምነት ሲጠፋ ምን ይሆናል? የሕገ መንግሥቱስ ነገር እውነት ነው?

ነጋድራስ

ስምምነት ሲጠፋ የሆነው በ1777 በግልጽ ታየ። የአሜሪካ አብዮት ሲነሣ ማንን እንደግፍ የሚለው ቃል አንድ አልሆነም። በዚያ ላይ በጥር ወር ኦኖንዳጋ ላይ ወረርሽኝ ገብቶ 90 ሰው ሞተ፣ ሦስቱ ዋና አለቆች ነበሩ፤ የሸንጎው እሳት ጠፋ ተባለ። እሳቱ ከጠፋ ሁሉን የሚያስር ውሳኔ የለም፣ እያንዳንዱ ሕዝብ የራሱን መንገድ ይይዛል። ኦናይዳና ቱስካሮራ አብዛኞቹ ከአሜሪካኖች ጋር፣ ሌሎቹ አብዛኞቹ ከእንግሊዝ ጋር ቆሙ። ነሐሴ 6 ቀን 1777 ኦሪስካኒ ላይ ኦናይዳ ከሞሃውክና ከሴኔካ ጋር ተዋጋ። በ1779 የጆርጅ ዋሽንግተን ጦር ከ40 በላይ መንደር አቃጠለ፣ አዝመራውን ቆረጠ። ዋሽንግተንን እስከ ዛሬ «ከተማ አጥፊው» ነው የሚሉት። የአሠራሩ ድክመት ይኸው ነው፦ ስምምነት ብዙሃኑ ጥቂቱን እንዳይጭነው ይጠብቃል፤ የውጭ ጦርነት ቸኩሎ ሲመጣ ግን ጊዜ የለውም። «የሰላም ሕግ» ስለተባለም ከውጭ ጋር አልተዋጉም ማለት አይደለም፤ በ1649 ዌንዳት (ሂውሮን) የሚባሉትን ጎረቤቶቻቸውን የበተኑት እነሱ ናቸው።

ሕገ መንግሥቱ «ተቀዳ» የሚለውን አውጣው። የሚረጋገጠው ይህ ነው፦ በ1744 ላንካስተር ላይ የኦኖንዳጋው ካናሳቴጎ ቅኝ ግዛቶቹን እንደ እኛ ኅብረት ፍጠሩ ብሎ መከራቸው፤ የስምምነቱን መዝገብ ኋላ ከአሜሪካ መሥራቾች አንዱ የሆነው ቤንጃሚን ፍራንክሊን አሳተመው። ፍራንክሊን በ1751 በደብዳቤ የስድስቱን ሕዝቦች ኅብረት ምሳሌ አድርጎ አነሣ፣ በ1754 አልባኒ ላይ የኅብረት ዕቅድ አቀረበ። በ1988 የአሜሪካ ኮንግረስ አስተዋጽኦውን በውሳኔ አመሰገነ። የታሪክ ሊቃውንት ግን ይከራከራሉ፣ እኔም ከሚጠነቀቁት ጋር ነኝ። የ1787ቱ ሰነድ በብዙሃን ድምፅ ይወስናል፣ ሴቶችንም ጨርሶ አያውቅም፤ የሆዴኖሾኒ ሕግ ልብ የሆኑትን ሁለቱን ነገሮች አልወሰደም። የኅብረቱን መመሥረቻ ዓመትም አንድ ብለህ አትጻፍ። አንዳንዶች በፀሐይ ግርዶሽ ሒሳብ 1142 ይላሉ፣ ሌሎች ወደ 1450 እና ከዚያም ወዲህ ያመጡታል።

ሳባ ዘሸገር

አንድ ነገር ልጨምር፣ የእኛ ተማሪ ቶሎ የሚይዘው ስለሆነ። በ1923 በካናዳ ግራንድ ሪቨር ከሰፈሩት ሆዴኖሾኒ ወገን የሆነው የካዩጋው አለቃ ደስካሄ በሆዴኖሾኒ ፓስፖርት ጄኔቫ ሄዶ ካናዳ ሸንጎአችንን ልታፈርስ ነው ብሎ ለመንግሥታት ማኅበር አቤት አለ። ኢትዮጵያ የማኅበሩ አባል የሆነችው በዚያው ዓመት መስከረም ነው። የደስካሄን አቤቱታ አየርላንድ፣ ፓናማ፣ ፋርስና ኤስቶኒያ ይታይ ቢሉም በእንግሊዝ ተጽዕኖ ሳይታይ ቀረ። በ1924 ካናዳ በግራንድ ሪቨር የነበረውን የውርስ ሸንጎ በፖሊስ ዘጋች፣ ዋምፐሞችንም ወሰደች። ደስካሄ በ1925 አገሩ ሳይገባ ሞተ።

መምህራኑ «ነበሩ» እያሉ እንዳይጽፉም ንገርልኝ። የኦኖንዳጋ ሸንጎ ዛሬም ይቀመጣል፣ የጎሳ እናቶች ዛሬም ይሰይማሉ። ኅዳር 11 ቀን 1794 ካናንዳይጓ ላይ በተፈረመው ውል መሠረት የአሜሪካ መንግሥት በዓመት የ4,500 ዶላር ዕቃ ይሰጣል፣ ዛሬም ጨርቅ ይልካል። ገንዘቡ ከፍ ስላላለ የሚደርሰው ተራ አቡጀዲ ሆኗል፤ ቢሆንም ይቀበሉታል፣ ጨርቁ እስከመጣ ድረስ ውሉ አልፈረሰም።

ዋርካ ሥር

«ድምፅ» ያልኩትን ሁሉ «ቃል» አድርጌ፣ «ተቀዳ»ንም አውጥቼ እንደገና እጽፈዋለሁ። አዝመራ፣ የአመዱን መጠን እንዳለ አስገባዋለሁ።