የዱፖን «ቫሪዬቴ»፦ የትኛው ቅጂ ነው ሙሉው?

ጥቁርና ነጭ፦
ሰላም ለሁላችሁ። የጀርመናዊውን ዳይሬክተር የኤቫልድ አንድሬ ዱፖንን ድምፅ አልባ ፊልሞች በተራ እያየሁ ነው። የ1925ቱ «ቫሪዬቴ» ግን ርዝመቱ ከቅጂ ቅጂ ይለያያል። የፍጥነት ጉዳይ ነው ወይስ ተቆርጧል? ስክሪፕቱስ የራሱ ነው?

ባለ ሪል፦
ፍጥነትም ድርሻ አለው፣ በዚህ ፊልም ግን ዋናው መቀሱ ነው። አሜሪካ ሲገባ መጀመሪያው አካባቢ ያለው የሐምቡርግ ክፍል እንዳለ ተቆርጦ ወጣ። በጀርመኑ ቅጂ የዥዋዥዌ አክሮባቱ ቦስ (ኤሚል ያኒንግስ) ሚስቱንና ልጁን ጥሎ ከወጣቷ ዳንሰኛ (ሊያ ደ ፑቲ) ጋር ይኮበልላል። ያ ሲነሣ ልጅቷ ሕጋዊ ሚስት ትመስላለች፤ ቦስ ውሽማዋን መግደሉም የተከዳ ባል በቀል ሆኖ ይቀራል። ፊልሙ ተበላሸ ማለት ይኸው ነው። ለማጣራት ከእስር ቤቱ መክፈቻ ቀጥሎ ያለውን እይ፦ የሐምቡርጉ ድንኳንና ሚስትየው ከሌሉ የተቆረጠው ነው። በ2015 የታደሰው ይሻልሃል።

ፍጥነቱን ራስህ አስላው። የ35 ሚሊ ሜትር ፊልም አንድ ሜትሩ 52.5 ፍሬም (ነጠላ ምስል) ገደማ ይይዛል። ስለዚህ 1000 ሜትር በሴኮንድ 18 ፍሬም ሲሄድ 48 ደቂቃ ተኩል ያህል፣ በ24 ደግሞ 36 ተኩል ይፈጃል። ሰው እንደ ዶሮ እየተጣደፈ ከሄደ የቅጂው ፍጥነት ከፍ ብሏል ማለት ነው፤ ትዕይንት ላይጎድል ይችላል።

ስክሪፕተኛው፦
አዎ፣ ስክሪፕቱ የእሱ ነው፤ ታሪኩ ግን ከፌሊክስ ሆለንደር ልብ ወለድ የተወሰደ ነው። ዱፖን መነሻው የፊልም ሐያሲነት ነው። በ1919 ስክሪፕት እንዴት እንደሚጻፍና እንደሚሸጥ የሚያስተምር መጽሐፍ አሳትሟል። መጀመሪያ የሠራቸው የወንጀል ምርመራ ፊልሞች ናቸው።

በተራ ካልክ ከ«ቫሪዬቴ» በፊት የ1923ቱን «ዳስ አልተ ገዜትስ» እይ፤ የረቢው ልጅ ቤቱን ትቶ ቪየና ተዋናይ የሚሆንበት ነው። ዋናው ኔጋቲቭ (ቅጂዎቹ የሚታተሙበት ፊልም) ጠፍቷል። የታደሰው በየአገሩ ከተረፉ ቅጂዎች ነው፤ በመሃል የሚገቡት ጽሑፎች ደግሞ ከጀርመን የሳንሱር ሰነድ ተገኙ። ሰነዱ ጽሑፎቹን ቃል በቃል ስለሚመዘግብ ለአዳሾች ወርቅ ነው። የድሮዎቹ ቅጂዎች ግን ከባዕድ ቋንቋ ተመልሰው የተተረጎሙ ጽሑፎች ሊኖሯቸው ስለሚችል አትመናቸው። ከዚያ ወደ 1929ኙ «ፒካዲሊ» እለፍ፤ የእንግሊዝ ሥራ ነው፣ ስክሪፕቱም የደራሲው የአርኖልድ ቤኔት እንጂ የእሱ አይደለም።

ካሜራ ላይ፦
አንድ ነገር ልጨምር፦ በ«ቫሪዬቴ» ካሜራው ከዥዋዥዌው ጋር ሲወዛወዝ የሚያሳዩት ትዕይንቶች ምስጋና ለካሜራ ባለሙያው ለካርል ፍሮይንድም ይገባል። ዱፖን ብቻውን የፈጠረው አስመስለው የሚጽፉ አሉ፤ ያ ልክ አይደለም።

የድምፅ ዘመን ሥራውን ከ«አትላንቲክ» አትጀምር። በ1929 በእንግሊዝኛና በጀርመንኛ፣ በተለያዩ ተዋንያን ተቀርጿል። እንግሊዝኛው ላይ ተዋንያኑ እያንዳንዱን ቃል እየጎተቱ ስለሚናገሩ መርከቡ እስኪሰምጥ ያሰለቻል። የግድ ከሆነ ፍሪትስ ኮርትነር ያለበትን ጀርመንኛውን ፈልግ።