የሰሊጥ ሐላዋዬ ዘይቱ ለምን ተለይቶ ይወጣል?

ከተፈጨ ሰሊጥና ከስኳር ሽሮፕ የሚዘጋጀውን ጣፋጭ፣ ሐላዋን፣ በቤት ውስጥ መሥራት የምታውቁ ሁሉ እንድትረዱኝ በአክብሮት እጠይቃለሁ። ቆልቼ አልሜ የፈጨሁትን ሰሊጥ ለብ አድርጌ፣ በቴርሞሜትር እየተከታተልኩ እስከ 120 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ያፈላሁትን የስኳር ሽሮፕ በቀጭኑ እያንቆረቆርኩ ባማስለውም፣ ውህዱ ገና መቀዝቀዝ ሲጀምር ዘይቱ ወደ ላይ ይወጣል፤ ሥሩ ደግሞ እንደ አሸዋ ይንኮሻኮሻል። የምፈልገው ሲቆረስ ክር ክር እያለ የሚለያየውን፣ አፍ ውስጥ የሚሟሟውን ዓይነት ነው። ስኳሩ ተመልሶ ፍሬ ፍሬ እንዳይሆን ሽሮፑ ላይ ጥቂት የሎሚ ጭማቂ እጨምራለሁ። ጥርጣሬዬ ማማሰሉ ላይ ነው፤ ውህዱ ጠጠር ማለት ከጀመረ በኋላ ብዙ ማሸት ክሩን የሚያጠፋና ዘይቱን የሚያስወጣ ይመስለኛል። ታዲያ ማማሰሉን የማቆመው ምን ምልክት ሳይ ነው? ሽሮፑ ሲጨመርበትስ ሰሊጡ ምን ያህል መሞቅ አለበት?