ብዝበዛን ለማጋለጥ ድሀውን መቅጠር ተገቢ ነው?

ጥያቄ አቅራቢዋ፦ ሳንቲያጎ ሲየራ የሚባል ስፔናዊ አርቲስት አለ። በ1999 እ.ኤ.አ. ሃቫና ውስጥ ስድስት ሥራ አጥ ወጣቶችን ቀጠረ። ለእያንዳንዳቸው 30 ዶላር ከፍሎ ከአንዱ ጀርባ ወደ ሌላው የሚያልፍ ቀጥ ያለ መስመር አስነቀሳቸው። ርዝመቱ 250 ሴንቲ ሜትር ነው። ገንዘብ ያለው የሌለውን ገላ እስከ ምን ድረስ እንደሚገዛ ለማሳየት ነው ይባላል። እኔ ጭካኔ ነው እላለሁ። 30 ዶላር በስንት ቀን ያልቃል? ንቅሳቱ ግን አብሯቸው ይቀበራል። ብዝበዛ መኖሩንም ከማንም በላይ ያውቁታል።

የቪዲዮ ባለሙያው፦ እህቴ፣ ንዴትሽ ይገባኛል። ግን ሰውየው ምኑን ደበቀ? ሰዎቹ የተከፈላቸው መሆኑን ርዕሱ ላይ ሳይቀር ጽፎታል። የለበስነውን ሸሚዝ የሰፋው ሰው ስንት እንዳገኘ ማናችን እናውቃለን? ወገቡ እንዴት እንደሆነስ ማን ጠየቀው? ሲየራ ዋጋውንና ገላውን ጎን ለጎን አስቀመጠልን።

ጥያቄ አቅራቢዋ፦ ሌላ መንገድ እኮ አለ። አርቲስቱን ተህቺንግ ሽየህን ተመልከት። ከታይዋን ኒውዮርክ ገብቶ፣ ያለ መኖሪያ ፈቃድ ሰሃን እያጠበ የኖረ ሰው ነው። ከሚያዝያ 1980 እ.ኤ.አ. ጀምሮ አንድ ዓመት ሙሉ፣ ሌት ተቀን፣ በየሰዓቱ ካርዱን በሠራተኛ ሰዓት መመዝገቢያ ማሽን መታ። በመታ ቁጥር ካሜራው አንዲት ምስል ይቀርጻል። ሲጀምር ፀጉሩን ተላጭቶ ነበር። ዓመቱ ስድስት ደቂቃ ያህል ፊልም ሆነ፤ ፀጉሩ ሲያድግ ታያለህ። ከ8,760 ሰዓት 133ቱ አምልጠውታል። አብዛኛውን ጊዜ እንቅልፍ አሸንፎት ነው። እኔ እነዚያን 133 ሰዓቶች ነው የምወድለት። ገላ ማሽን አለመሆኑ እዚያ ላይ ይታያል። ማንንም አልነቀሰም፤ የከፈለው የራሱን እንቅልፍ ነው።

ዳንሰኛዋ፦ ሁለታችሁም የምታወሩት ስለ አርቲስቱ ነው። እኔ ስለ ተቀጣሪው ልናገር፤ እንጀራዬ ስለሆነ። በ2011 እ.ኤ.አ. በገላዋ ትርዒት የምትሠራው አርቲስት ማሪና አብራሞቪች ሎስ አንጀለስ ውስጥ ለአንድ ሙዚየም የገንዘብ ማሰባሰቢያ እራት ትርዒት አዘጋጀች። የተቀጣሪዎቹ ጭንቅላት በጠረጴዛው ቀዳዳ ወጥቶ፣ ሀብታሞቹ ሲበሉ መሃላቸው ቀስ እያለ ይሽከረከር ነበር። ክፍያው 150 ዶላር። የዳንስ አቀናባሪዋ ኢቮን ሬይነር ደብዳቤ ጽፋ ተቃወመች። ደግ አደረገች! ፈቃደኛ ነበሩ ይባላል። የቤት ኪራይ የደረሰበት ሰው ለምኑ ነው እምቢ የሚለው? ቢጎዱ ማን ያሳክማቸዋል? እንዲህ ያለ ትርዒት ተቀርጾ ቪዲዮው ሲሸጥ፣ ገላው የታየበት ሰው ስንት ይደርሰዋል?

የቪዲዮ ባለሙያው፦ ይህንን አልክድም፤ ውል ይኑር። ግን ሁሉ ነገር ተስተካክሎ ሥራው የማይጎረብጥ ከሆነ፣ ተመልካቹ አጨብጭቦ ወደ ቤቱ ይሄዳል።

ዳንሰኛዋ፦ ተመልካቹን ይጎርብጠው፣ ወንድሜ። እኔ የምለው ሁለት ነገር ነው። ሥራው በተሸጠ ቁጥር ተቀጣሪው ድርሻ ያግኝ። መሃል ላይ «በቃኝ» ብሎ ቢነሳም ክፍያው አይቀነስበት።