ሩንስኬፕ ላይ ቦት ልጠቀም ወይስ ይቅርብኝ?

ጠያቂ፦
ሰላም ወገን። ኦልድ ስኩል ሩንስኬፕ የሚባለውን የኦንላይን ጨዋታ እጫወታለሁ። እንጨት ቆረጣዬ ሌቨል 70 ደርሷል፤ የምመኘው 99 ነው። ግን ያው ዛፍ፣ ያው ክሊክ፣ ቦርሳው በ28 ግንድ ሲሞላ ባንክ፣ ተመልሶ ዛፍ። ማታ ማታ አንጓዬን ይጠዘጥዘኛል። ጓደኛዬ እኔ ተኝቼ የሚቆርጥልኝ ቦት፣ ማለትም በራሱ የሚጫወት ፕሮግራም ላከልኝ። ክሊኩን አንዴ ፈጠን አንዴ ዘግየት ስለሚያደርግ አይነቃበትም ይላል። እውነት ነው?

የሌሊት ወፍ፦
አትመነው። የክሊክ ፍጥነት አንዱ ነገር ብቻ ነው። ሰው ይሳሳታል፣ ይዘናጋል፣ ስልክ ያነሳል። ቦት ግን 14 ሰዓት ሙሉ ያንኑ መንገድ ይመላለሳል። የአካውንት እገዳው ደግሞ ብዙ ጊዜ ቆይቶ ነው የሚመጣው። «2 ሳምንት ተጠቀምኩ፣ ምንም አልሆንኩም» የሚሉህ ለዚህ ነው።

ምሳር፦
እኔን ያቃጠለኝ እገዳው አይደለም። በሌላ ጨዋታ ነፃ ቦት አወረድኩ። ሲጫን አንቲቫይረሱን አጥፋ አለኝ፣ አጠፋሁ። ፓስዎርዴንም እዚያው አስገባሁ። በ3ኛው ቀን ስገባ ገጸ ባሕሪዬ ባዶውን ቆሞ ጠበቀኝ። የ4 ዓመት ልፋቴ ሄደ። ወንድሜ፣ ፋይሉን ከፍተኸው ከሆነ አሁኑኑ ከሌላ መሣሪያ ላይ ፓስዎርድህን ቀይር።

ጠያቂ፦
ኧረ አልከፈትኩትም። ክሊክ ብቻ የምታደርግ ትንሽ ፕሮግራምስ?

ሰማያዊ፦
እሷም ያው ናት፤ በአንተ ፈንታ ከተጫወተች ክልክል ነው። ይልቅ ዛፍህን ቀይር። 70 ሆነህ አሁንም ዊሎው ዛፍ ላይ ከሆንክ ጣትህን በከንቱ እየቀጣህ ነው። የሚከፈልበት አባልነት ካለህ እንጨት ቆራጮች ጊልድ የሚባለው ቦታ ግባ፤ ቆረጣው 60 ለደረሰ ክፍት ነው። እዚያ የማይታይ 7 ሌቨል ይጨመርልሃል፣ የው ዛፎችም ባንኩ አጠገብ አሉ። 90 ስትደርስ ወደ ሬድውድ ዛፎች ውጣ፤ አንዴ ነክተህ ረጅም ጊዜ ትቀመጣለህ። ሩንላይት የሚባለውንም የጨዋታ መክፈቻ ፕሮግራም ጫን፤ የጨዋታው ሠሪ ጃጌክስ የፈቀደው ነው። ገጸ ባሕሪህ ሥራ ሲፈታ በድምፅ ይጠራሃል። እስኪጠራህ እጅህን ከማውሱ ላይ አንሳ።

የሌሊት ወፍ፦
ሌላም ነገር እወቅ። ግማሹ መንገድ 92 ላይ ነው፦ ለ92 ወደ 6.5 ሚሊዮን ኤክስፒ (የልምድ ነጥብ)፣ ለ99 ደግሞ 13,034,431። አንጓህ ከጠዘጠዘህ ጥቂት ቀን አሳርፈው፤ ዛፉ የትም አይሄድም።

ጠያቂ፦
ፋይሉን አጠፋሁት፣ ጊልዱም ገባሁ። ሩንላይት ግን አይጠራኝም።

ሰማያዊ፦
ከሩንላይት ፕለጊኖች (ተጨማሪ መሣሪያዎች) መሃል «አይድል ኖቲፋየር» የሚለውን አብራ። ከዚያ ዋናው ቅንብር ውስጥ የማሳወቂያው ድምፅ እንዳልጠፋ እይ።